ለገና ከልጆች ጋር በቤት የሚሠሩ ቀላል የእጅ ሥራዎች

የገና ጌጣጌጥ ተሠርቶ በየሱቁ በሚሸጥበት በዚህ ዘመን ልጆችን ሰብስቦ በእጅ መሥራት ትርፍ ድካም ሊመስል ይችላል። ይሁን እንጂ ልጅ ራሱ ቆርጦና አጣብቆ ያበጀውን ኮከብ ታሪኩን ጭምር ይዞት ያድጋል፤ እንግዳ በመጣ ቁጥርም እያሳየ ስለሚተርክ የልደትን ታሪክ ሳያውቀው በቃሉ ያጠናዋል። እዚህ የቀረቡት ሥራዎች የተመረጡት ከልደት ታሪክ ወይም ከገና ልማዳችን ጋር ስለሚገናኙ፣ የሚያስፈልጋቸውም ዕቃ አብዛኛው ከማድቤት፣ ከጓዳና ከአሮጌ ካርቶን ስለሚገኝ ነው። የበረዶ ሰውና አጋዘን መሥራት ነውር የለበትም፤ እነርሱን ግን ልጆች ከትምህርት ቤትም ይማሯቸዋልና ቤት ውስጥ የሚጠፋው ጊዜ ለእኛው ታሪክ ቢውል እመርጣለሁ።

ሥራውን ለበዓሉ ዋዜማ ማቆየት አይመከርም፤ ዋዜማ የዶሮው፣ የጠላውና የድፎ ዳቦው ቀን ስለሆነ ለልጅ የሚተርፍ ትዕግሥት አይኖርም። ጾመ ነቢያት ኅዳር 15 ቀን ከገባ በኋላ ታኅሣሥ 29 ቀን (በዘመነ ዮሐንስ 28 ቀን) ገና እስኪደርስ ስድስት ሳምንታት ያህል ስላሉ፣ በየቅዳሜው ወይም በየእሑዱ ከሰዓት አንድ አንድ ሥራ መሥራት ይበቃል። በአሜሪካና በአውሮፓ ለሚኖሩ ቤተሰቦች ደግሞ የፈረንጆቹ ገና አልፎ ጃንዋሪ 7 እስኪገባ ያለው ጊዜ በከፊል የትምህርት ቤት ዕረፍት ስለሆነ ለዚህ ሥራ የተመቸ ነው፤ ጎረቤት ጌጡን ማውረድ ሲጀምር የእኛ ልጆች በዓል ገና እየመጣ መሆኑንም በእጃቸው ያውቁታል።

ከመጀመራችሁ በፊት ሥራውን በልጆቹ ዕድሜ ደልድሉ። የሦስትና የአራት ዓመት ልጅ ወረቀት መቅደድ፣ ሙጫ መቀባትና ሊጥ መጫን ይችላል፤ ከአምስት ዓመት ጀምሮ ጫፉ ክብ በሆነ መቀስ ይቆርጣል፤ ስምንት ዓመት ያለፈው መርፌና ክር ሊይዝ፣ ታናናሾቹንም ሊያግዝ ይችላል። ወፍራም ካርቶን በምላጭ መቁረጥና እሳት አጠገብ መቆም የአዋቂ ሥራ ሆኖ ይቅር። ከሁሉ በላይ ልጁ ዘወር ሲል የሠራውን አታቃኑበት፤ የተጣመመ ክንፍ ያለው መልአክ የልጁ መልአክ ነው፣ እናት ወይም አባት ያስተካከሉት ግን የእነርሱ ይሆንና ልጁ ይህን ወዲያው ያውቀዋል።

ለወረቀት ሥራ ሁሉ የሚሆን ሙጫ ከዱቄት ይወጣል። 3 የሾርባ ማንኪያ የስንዴ ዱቄት በ1 ብርጭቆ ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ጓል እስኪጠፋ በጥብጣችሁ በለስላሳ እሳት ላይ ሳታቋርጡ አማስሉት፤ ወፈር ሲልና መንተክተክ ሲጀምር አውርዱት። ለብ ካለ በኋላ ልጆቹ በጣታቸውም ሆነ በብሩሽ ሊቀቡት ይችላሉ። በክዳን ዕቃ ተደርጎ ፍሪጅ ውስጥ ሁለት ሦስት ቀን ይቆያል፤ ከሸተተ ግን ይደፋ።

ለመጀመሪያው ቅዳሜ የሚመረጠው ግርግሙ ነው፤ የሌሎቹ ሥራዎች ሁሉ ቦታ እርሱ ስለሆነ። አንድ የጫማ ካርቶን በረጅም ጎኑ አስተኝታችሁ አፉን ወደ ፊት አዙሩት፤ ክዳኑን ሁለት ላይ አጥፋችሁ ከላይ ስታጣብቁት የበረት ጣሪያ ይሆናል። ልጆቹ ግድግዳውን በቡና አተላ ይቀቡት፤ አተላው በጥቂት ሙጫ ሲለወስ ጭቃ የተመረገ ግድግዳ መልክ ይሰጣል፣ ሲደርቅም ሻካራነቱ በእጅ ይዳሰሳል። ወለሉ ላይ ሙጫ ቀብታችሁ ጭድ በትኑበት፤ ጭድ ከጠፋ ቢጫ ወረቀት በቀጭን በቀጭኑ ይቆረጣል። ግርግሙ ራሱ የክብሪት ቀፎ ሊሆን ይችላል፤ በጭድ ሞልታችሁ በነጭ ጨርቅ የተጠቀለለ ትንሽ ጥጥ ስታስተኙበት ሕፃኑ ይሆናል።

ሰዎቹን ለማበጀት የሶፍት ወረቀት ሲያልቅ የሚቀረውን ክብ ካርቶን ተጠቀሙ። እመቤታችንን ሰማያዊ ጨርቅ፣ ዮሴፍን ቡናማ አልብሷቸው፤ እረኞቹን ደግሞ ከአሮጌ ብርድ ልብስ በተቆረጠ ጨርቅ ጋቢ አስደርቧቸው። አሮጌ ነጠላ ካለ ጥለቱን ለሰብአ ሰገል ካባ አስቀሩት። በጎቹ የካርቶን ቁራጭ ላይ ጥጥ ተለጥፎባቸው፣ ለእግራቸው አራት የክብሪት እንጨት (ጫፉ ተቆርጦ የተጣለ) ተሰክቶላቸው ይቆማሉ። እረኞቹ በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 2፣ ሰብአ ሰገልና ኮከቡ በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 2 ስለሚገኙ፣ ትልልቆቹ ልጆች እጅ ሥራ ላይ እያለ አንዳቸው ጮክ ብለው ቢያነቡ መልካም ነው።

ወደ ሰብአ ሰገል ስጦታ ስትደርሱ እኛ ያለንን ዕድል አትለፉት። ወርቁን ከቸኮላት መጠቅለያ መሥራት ይቻላል፤ ዕጣኑና ከርቤው ግን ራሳቸው ቤታችሁ ውስጥ አሉ፣ ካልሆነም ከገበያ በጥቂት ብር ይገዛሉ። ለቡና የሚጨሰው ዕጣን ከትግራይና ከመተማ ቆላ፣ ከርቤም ከምሥራቁና ከደቡብ ምሥራቁ ቆላ ዛፍ የሚወጣ ሙጫ ነው። አንዳንድ ፍሬ በትንንሽ ጨርቅ ቋጥራችሁ በሦስቱ እጅ ላይ ለጥፉ። ልጁ ከመቋጠሩ በፊት ፍሬውን በጣቱ ይሸው፣ ያሽትተውም፤ በየቡናው የሚሸተው ነገር በታሪኩ ውስጥ ለሕፃኑ የቀረበው መሆኑን ያን ጊዜ ይረዳዋል። ትንንሾቹ ወደ አፋቸው እንዳይከቱት ብቻ ተጠንቀቁ።

ከሁሉ አስደሳቹ ሥራ መላእክቱ ናቸው። በጎንደር ደብረ ብርሃን ሥላሴ ቤተ ክርስቲያን ጣሪያ ላይ ፊትና ክንፍ ብቻ ያላቸው መላእክት ረድፍ በረድፍ ተሥለው ቁልቁል ያያሉ፤ ይህን ሥዕል ከስልክ ወይም ከመጽሐፍ አውጥታችሁ ለልጆቹ አሳዩአቸውና ዓይናቸው ምን ያህል ትልቅ እንደ ሆነ አስተውሉላቸው። በአገራችን የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ቅዱሳን ሁለት ዓይናቸው እየታየ ፊት ለፊት፣ ክፉዎች ግን በአንድ ዓይን ከጎን እንደሚሣሉ ስትነግሯቸው እርሳሱን የሚያነሡት በሌላ ጥንቃቄ ነው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። የስኒ ማስቀመጫ በካርቶን ላይ ገልብጣችሁ ዙሪያውን አስምሩና ክቡን ቁረጡ። በወፍራም የተፈላ ቡና ቀብታችሁ እስኪደርቅ ጠብቁ፤ አንድ ጊዜ ከተቀባ ጠይም፣ ሁለት ሦስት ጊዜ ከተደጋገመ ጥቁር ቡናማ ስለሚሆን እያንዳንዱ ልጅ የራሱን መልክ ይመርጣል። ለክንፉ የልጁን ሁለት እጆች ጣቶቹ ተዘርግተው በወረቀት ላይ አስምራችሁ ቁረጡ፤ ጣቶቹ ላባ ይሆናሉ። በቀይ፣ በቢጫና በአረንጓዴ ከቀቡት በኋላ አውራ ጣቶቹ ወደ ላይ እንዲሆኑ ከፊቱ ኋላ፣ ግራና ቀኝ አጣብቁ። ፊቱን በመጨረሻ በጥቁር ማርከር ይሣሉ፤ መጀመሪያ ሁለት ትልልቅ የለውዝ ቅርጽ ያላቸው ዓይኖች፣ ከዚያ ከቅንድብ ጀምሮ በአንድ መሥመር የሚወርድ ረጅም አፍንጫ፣ ከዚያ ትንሽ አፍ። ፀጉሩ ጥቁርና ክብ ሆኖ ፊቱን ይከባል። የቤቱ ልጆች ሁሉ የሠሯቸውን በአንድ ገመድ ላይ ተርታ ሰቅላችሁ ከግርግሙ በላይ ብትወጥሩ ግድግዳው ይሞላል፤ በየዓመቱ አዲስ የእጅ አሻራ ሲጨመርበትም የልጆቹ እጅ እንዴት እንዳደገ ይታያል።

ኮከቡን ስንደዶ ካገኛችሁ በስንደዶ ሥሩት። ለስፌት የሚሸጠውን አንድ ጭብጥ ገዝታችሁ በለብታ ውኃ ግማሽ ሰዓት ያህል ንከሩ፤ ደረቅ ስንደዶ ሲታሰር ይሰበራል። ከዚያ 12 ሳንቲ ሜትር ርዝመት ያላቸውን ቆርጣችሁ ሦስት ሦስቱን አንድ ላይ በማድረግ አራት እስር አዘጋጁ። ሁለቱን የመደመር ምልክት፣ ሁለቱን ደግሞ የማባዛት ምልክት አስመስላችሁ አንዱን በአንዱ ላይ አድርጉ። መሐሉን አዋቂ በጣቱ ይዞ ልጁ ቀይ ክር በላይኛው እስር ላይ፣ ከታችኛው ሥር እያሳለፈ ሁለት ጊዜ ዙሪያውን ይሂድና ከጀርባ ይቋጥረው። ስምንቱ ጨረሮች ሲደርቁ ጫፋቸው በመቀስ ይስተካከላል። በውጭ አገር ስንደዶ ለማያገኙ የወረቀት ስትሮ በቁመቱ ተሰንጥቆና ተዳምጦ በዚሁ መንገድ ይሠራል።

የጨው ሊጥ ትንንሽ ልጆች የሚወዱት ሥራ ነው። 2 ብርጭቆ የስንዴ ዱቄት ከ1 ብርጭቆ ደቃቅ ጨው ጋር ደባልቃችሁ እስከ 1 ብርጭቆ የሚደርስ ውኃ ጥቂት በጥቂት እያፈሰሳችሁ እጅ ላይ የማይጣበቅ ጠንካራ ሊጥ እስኪሆን አሹት። ግማሽ ሳንቲ ሜትር ውፍረት አድርጋችሁ ዳምጡትና ልጆቹ በብርጭቆ አፍ ክብ፣ በቢላዋ ጀርባ መስቀል ያውጡ። ገና ንጉሥ ላሊበላም የተወለደበት ዕለት ሆኖ በላሊበላ ስለሚከበር የላሊበላን መስቀል መሞከር ለትልልቆቹ የሚመጥን ነው፤ ጥልፍልፉን መቁረጥ ስለሚከብድ በሹካ ጫፍ፣ በማበጠሪያ ጥርስና በአዝራር ተጭኖ ምልክት ቢደረግ ይበቃል። መስቀያው ቀዳዳ ሊጡ እርጥብ ሳለ በእስክሪብቶ ቀፎ ይበሳ፤ ሲደርቅ ልብሳ ቢሉ ይሰነጠቃል። ታኅሣሥ በደጋው አገር ፀሐያማ ስለሆነ ምድጃ አያስፈልግም፤ የመጀመሪያውን ቀን ጥላ ሥር፣ ከዚያ ሁለት ወይም ሦስት ቀን ፀሐይ ላይ እያገላበጣችሁ አድርቁት፤ ገና ከጅምሩ ፀሐይ ካገኘው ላዩ ቀድሞ ደርቆ ይሰነጠቃል። ክረምት በሆነበት አገር በ100 ዲግሪ ኦቨን ውስጥ ሁለት ሦስት ሰዓት ይቆይ። ጨው የበዛበት ነገር ለውሻ አደገኛ ስለሆነ ሊጡም ሆነ የደረቀው ጌጥ ውሻ በማይደርስበት ቦታ ይቀመጥ።

ለእረፍት የለሾቹ ልጆች የገና ዱላና ሩር ይሠራ። ትክክለኛው ዱላ ጫፉ የተቆለመመ እንጨት ነው፤ ለቤት ውስጥ ግን ስድስት ሰባት ገጽ ጋዜጣ አጥብቆ ጠቅልሎ፣ አንዱን ጫፍ አጥፎ፣ ዙሪያውን በፕላስተር ማሰር ይሻላል፤ ቅልጥም ቢያገኝ አይጎዳም። ሩሩም ከአሮጌ ካልሲ ተጠቅልሎ በጨርቅ ጥብጣብ ይጠነከራል። የጨዋታውን ምክንያት፣ እረኞች የልደቱን ዜና ሲሰሙ በደስታ በዱላቸው እንደተጫወቱ የሚነገረውን፣ አብራችሁ ንገሯቸው። ሁለት ቡድን ተከፍሎ ሩሩን በተቃራኒው ወገን መሥመር ማሳለፍ ነው፤ «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» መባሉን ልጆቹ ሲሰሙ ግን አያትንም ጭምር ወደ ጨዋታው መጎተታቸው አይቀርም።

ካርዱ አጭር ሥራ ነው። ድንች ለሁለት ሰንጥቃችሁ አዋቂው ኮከብ ወይም መስቀል ይቅረጽበት፤ ልጁ ቀለም እያስነካ ባጠፈው ወረቀት ፊት ላይ ያትማል። እርድ በጥቂት ውኃ ቢጫ፣ ተፈጭቶ የተጨመቀ ቀይ ሥር ደግሞ ደማቅ ሮዝ ይሰጣል፤ የቀይ ሥር ቀለም ብርሃን ላይ ሲቆይ ስለሚደበዝዝ ግን ቶሎ ለሚሰጥ ካርድ ብቻ ይሁን። ውስጡን ልጁ በራሱ እጅ ይጻፈው፤ ለአያት ሲሆን «እንኳን ለብርሃነ ልደቱ በሰላም አደረሰዎ»፣ ለጓደኛ ሲሆን «አደረሰህ» ወይም «አደረሰሽ» እያለ የአክብሮትን አነጋገር አብሮ ይለምዳል።

ኮከቡንና የሊጡን ጌጥ ለመስቀል ጥድ መቁረጥ አያስፈልግም። የወደቀ ደረቅ ቅርንጫፍ በአሸዋ በተሞላ የወተት ጣሳ ውስጥ ተክላችሁ ጥጡን እንደ ልማዱ አልብሱት። ጥጥና ወረቀት ባለበት ጧፍም ሆነ ሻማ አታብሩ፤ በባትሪ የሚሠራ መብራት ይበቃል። ጥምቀት ካለፈ በኋላ የሊጡን ጌጥ በጋዜጣ ጠቅልላችሁ በደረቅ ቆርቆሮ ዕቃ ውስጥ፣ ጥቂት ጥሬ ሩዝ በጨርቅ ቋጥራችሁ ጨምሩበትና ክዳኑን ግጠሙ፤ ክረምት እርጥበት ካገኘው ይላላልና። ስንደዶው ምንም አይሆንም፤ ከወረቀቱ መላእክት ጋር በጫማው ካርቶን ውስጥ አስቀምጡት።