ደብዛ የሚያጠፉ ስህተቶች

ጁላይ 2013። አንዲት የ66 ዓመት ሴት በአሜሪካ ሜይን ግዛት፣ አፓላቺያን ትሬይል በሚባለው የእግር መንገድ ላይ ብቻዋን እየተጓዘች ነው። መንገዱ ከጆርጂያ እስከ ሜይን 3,500 ኪሎ ሜትር ገደማ ይዘልቃል። ሴትዮዋ ጀማሪ አይደለችም፤ ከ1,000 ኪሎ ሜትር በላይ በእግሯ ጨርሳለች። ጠዋት ላይ ለሽንት ከመንገዱ ወጣ አለች። ልትመለስ ስትል መንገዱ የለም።

ለባሏ ቴክስት ጻፈች። ኔትወርክ ስላልነበረ አልሄደም። ኔትወርክ ፍለጋ ወደ ከፍታው ወጣች፤ በዚያው ከመንገዱ ይበልጥ ራቀች። ድንኳኗን ጥቅጥቅ ካሉ ዛፎች ሥር ተከለች። ሰው ወጣ፣ ውሻ ወጣ፣ ሄሊኮፕተር ዞረ። የፍለጋ ውሾች ከድንኳኗ 100 ሜትር ገደማ እስኪቀራቸው ድረስ ቀርበው ነበር። ማስታወሻ ደብተሯ እንደሚያሳየው ቢያንስ 26 ቀን በሕይወት ቆይታለች። አስከሬኗ የተገኘው ኦክቶበር 2015 ነው፣ ከመንገዱ ከሦስት ኪሎ ሜትር ገደማ ባልበለጠ ርቀት ላይ።

ሰው ፓርክ ውስጥ ደብዛው ሲጠፋ ነገሩን ትልቅ እናደርገዋለን። ምድር ተከፍታ ዋጠችው እንላለን። እኔ ግን እነዚህን ታሪኮች ባነበብኩ ቁጥር መነሻው ላይ የማገኘው ከመንገድ ወጣ የተባለባትን ያችኑ ሃያ እርምጃ ነው። ስለዚህ ስህተቶቹን ከዚያው ልጀምር። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

«መጣሁ፣ እዚህ ጋ ነኝ»

ከመንገድ መውጣት አይቀርም። ሽንት አለ፣ ፎቶ አለ፣ ጥላ አለ። ስህተቱ ዞር ብሎ ሳያዩ መሄድ ነው። ጫካ ሲገቡበትና ሲወጡበት መልኩ አንድ አይደለም። ከመውጣታችሁ በፊት ሻሽም ሆነ ደማቅ ፌስታል መንገዱ ዳር ያለ ቅርንጫፍ ላይ እሰሩ። እርምጃችሁን ቁጠሩ። በየአምስት እርምጃው ወደ ኋላ ተመልከቱ። አብሯችሁ ሰው ካለ ደግሞ መንገዱ ላይ ቆሞ ይጠብቃችሁ። ይሉኝታ ይዟችሁ እንዳትርቁ፤ ፊቱን እንዲያዞር መንገር ይቻላል።

መንገድ ሲጠፋ እግርን ማፍጠን

ይሄ የሁላችንም ነው። ልብ ሲመታ እግር ይፈጥናል። «ቀጥ ብዬ ብሄድ አንድ ቦታ እወጣለሁ» ይባላል። ችግሩ፣ ሰው ቀጥ ብሎ መሄድ አይችልም። በ2009 የጀርመን ማክስ ፕላንክ ተቋም ተመራማሪዎች ሰዎችን በጀርመን ጫካ እና በቱኒዚያ ሰሃራ ውስጥ ቀጥ ብላችሁ ሂዱ ብለው አሰማሯቸው። ፀሐይ ወይም ጨረቃ ስትታይ ደህና ሄዱ። ደመና ሲሸፍናት ግን ሳያውቁት ዞረው የራሳቸውን ዱካ አቋረጡ። ዓይናቸው የታሰረ ሰዎች ደግሞ አንዳንዴ ስፋቱ 20 ሜትር በማይሞላ ክብ ውስጥ ዞረዋል። ሁሉም ግን ቀጥ ብለው የሄዱ ነው የመሰላቸው።

እንግዲህ መጀመሪያ ቁጭ በሉ። ውሃ ጠጡ። የት እንደሄዳችሁ የሚያውቅ ሰው ካለ ባላችሁበት መቆየት ይሻላል። ከላይ የምትታዩበት ገላጣ ቦታ በቅርብ ካለ ወደዚያ ጠጋ በሉ። ድምፅ ቶሎ ይዘጋል፤ ፊሽካ አይዘጋም። ሦስት ጊዜ ማፏጨት የጭንቅ ጥሪ መሆኑን ፈላጊዎች ያውቁታል።

ስልክን እንደ አገር አዋቂ ማመን

ላስ ቬጋስ ብዙ ሐበሻ አለ። ከዚያ ሁለት ሰዓት ያህል ሲነዳ ዴዝ ቫሊ ይገኛል፣ ስሙም እንደ ግብሩ የሞት ሸለቆ። እንግዳ ሲመጣ ለሽርሽር የሚወሰድበት ቦታ ነው። የዚያ ፓርክ ሬንጀሮች፣ ማለትም ጠባቂዎቹ፣ «ሞት በጂፒኤስ» የሚሉት ነገር አላቸው። ማሽኑ «ወደ ቀኝ ታጠፍ» ይላል፣ ሰው ይታጠፋል፣ መንገዱ ከተተወ ዘመን ሆኖታል። በ2009 አንዲት እናት በዚህ ዓይነት መንገድ ገብታ መኪናዋ አሸዋ ውስጥ ተቀረቀረ። እሷ ስትተርፍ የ6 ዓመት ልጇ ሞተ።

ከጂፒኤስ ዘመን በፊትም ቢሆን እዚያው ከባድ ነገር ሆኗል። ጁላይ 1996 ሁለት ትልልቅ ሰዎችና ሁለት ልጆች፣ ጀርመናውያን ጎብኚዎች፣ በኪራይ ሚኒቫን ገቡ፤ አልወጡም። መኪናው ከወራት በኋላ አንድ ገደል ውስጥ ጎማዎቹ ተንፍሰው ተገኘ። ሰዎቹ የሉም። ለ13 ዓመት ያልተባለ ነገር የለም። በ2009 ሁለት የበጎ ፈቃድ ፈላጊዎች ከመኪናው በስተደቡብ፣ ብዙ ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ አጥንት አገኙ። ለምን ወደ ደቡብ? የፈላጊዎቹ ግምት እኔን አሳምኖኛል። ጎብኚዎቹ በያዙት ካርታ ላይ በዚያ በኩል የጦር ሠፈር ይታያል። በአውሮፓ ልማድ የጦር ሠፈር አጥር አለው፣ አጥር ካለ ዘበኛ አለ። የዚያ ሠፈር ወሰን ግን ባዶ በረሃ ነው። ማሰባቸው ትክክል ነበር፤ ያሰቡት ግን በሌላ አገር አእምሮ ነው።

መኪና ከሰው ይልቅ ከአየር ላይ ቶሎ ይታያል። በረሃ ውስጥ ከቆመባችሁ ጥላውን ይዛችሁ እዚያው ሁኑ። በጁላይ የዴዝ ቫሊ ቀን ከ45 ዲግሪ ሲያልፍ ብርቅ አይደለም፤ በእኩለ ቀን እግር አይነሳም። ካርታውን ቀድማችሁ ስልኩ ላይ አውርዱ፣ የወረቀትም ያዙ። ኔትወርክ በሌለበት ስልኩን ኤርፕሌን ሞድ ላይ አድርጉት፤ ሲፈልግ ሲፈልግ ባትሪውን ይጨርሰዋል። ጥሪ እምቢ ያለበት ቦታ ላይ ደግሞ ለ911፣ ለአሜሪካ የድንገተኛ ጥሪ ቁጥር፣ የተላከ ቴክስት አንዳንዴ ያልፋል።

«ፓርክ ነኝ፣ ማታ እደውላለሁ»

ስሜን ተራሮች ስትገቡ መሣሪያ የያዘ ስካውት አብሯችሁ ይሄዳል። የአሜሪካ ፓርክ እንደዚያ አይደለም። በር ላይ ከፍላችሁ ትገባላችሁ፤ ለቀን ጉዞ የገባ ሰው አለመውጣቱን የሚቆጥር ማንም የለም። የሚቆጥረው ቤት የቀረው ሰው ነው። ስለዚህ ለአንድ ሰው የትኛው መንገድ፣ መኪናው የት እንደቆመ፣ በስንት ሰዓት እንደምትመለሱ ጽፋችሁ ላኩ። በ2010 ጆሹዋ ትሪ በረሃ ውስጥ ለአንድ ቀን ብሎ የገባ ሰው አስከሬኑ የተገኘው በ2022 ነው። መኪናው ቶሎ ተገኝቶ ነበር። ከመኪናው በየት በኩል እንደሄደ ነው የጠፋው።

በነገራችን ላይ፣ የኛ ሰዓት ጣጣ አለው። «በአሥራ ሁለት ሰዓት እመለሳለሁ» ብላችሁ የላካችሁላት እህታችሁ አዲስ አበባ ካለች ማታ ነው የምትረዳው። ሌላው አሜሪካ የከረመ ከሆነ እኩለ ቀን ይመስለዋል። «ፀሐይ ስትጠልቅ» ብሎ መጻፍ ይቀላል።

ጋቢ ይሞቃል፣ እስኪረጥብ

ጋቢ ጥጥ ነው፣ ጂንስም ጥጥ ነው። ጥጥ ሲረጥብ ሙቀት ከገላ ይመጥጣል። ለዚህ በረዶ አያስፈልግም፤ 10 ዲግሪ ላይ ዝናብና ነፋስ ይበቃል። ሱፍ ወይም ፖሊስተር ልበሱ፣ ቀለሙ ደማቅ ይሁን፣ የዝናብ ልብስ ያዙ።

ሰዎችን በጣም የሚያደናግር ነገር የሚመጣው ከዚህ ነው። አስከሬን ይገኛል፣ ልብሱ ወልቋል፣ ጫማው ወዲያ ነው። ሰው ወዲያው ወንጀል ይላል፣ አለዚያም ጋኔን። ብርድ ሊገድለው የተቃረበ ሰው ግን ልብሱን ያወልቃል። ደምን ከቆዳ ያገዱት የደም ሥሮች ይዝሉና ይከፈታሉ፤ ሰውየው እየቀዘቀዘ የተቃጠለ ይመስለዋል። ከዚያ ደግሞ እንደ እንስሳ ጉድጓድ ወይም የግንድ ሥር ውስጥ ይሸጎጣል። ፈላጊዎች አጠገቡ አልፈው የማያዩት ለዚህ ነው። ከዚያ አውሬ አለ፣ ጎርፍ አለ፣ የቅጠል ክምር አለ። አልተገኘም ማለት ተሰወረ ማለት አይደለም።

ልጅን «ሰው አትመን» ብቻ ብሎ ማሳደግ

በ2005 ዩታ ተራሮች ውስጥ የጠፋ የ11 ዓመት ልጅ አራት ቀን ቆይቶ በደህና ተገኘ። በመሃል ፈላጊዎችን አይቶ ነበር። ተደበቀባቸው! ከማያውቀው ሰው እንዲርቅ ተመክሯል፣ እሱም ምክሩን አከበረ። ለልጆቻችሁ ጫካ ውስጥ ስማቸውን እየጠራ የሚመጣ ሰው ወዳጅ መሆኑን ንገሯቸው። ከጠፋችሁ አንድ ዛፍ ጋ ሁኑ፣ ማንም አይቆጣችሁም በሏቸው። «ዛፍ እቀፍ» የሚባለው የልጆች ትምህርት የተጀመረውም በ1981፣ ሳንዲያጎ አጠገብ አንድ የ9 ዓመት ልጅ ተራራ ላይ ጠፍቶ ከሞተ በኋላ ነው።

ዘግይቶ መደወል፣ ወይም ሁሉም መውጣት

24 ሰዓት ጠብቁ የሚል ሕግ የለም። ሒሳቡን ፈርቶ የሚዘገይም አለ። ብሔራዊ ፓርኮች ለፍለጋ ገንዘብ አይጠይቁም፤ የአምቡላንስና የሕክምና ሒሳብ ግን ለብቻው ነው፣ አልዋሽም።

በኛ አገር ሰው ሲጠፋ ጡሩምባ ተነፍቶ ሰፈሩ በሙሉ ይወጣል። ደግ ልማድ ነው። ዱካ ላይ ግን ጠላት ነው። ጁን 14 ቀን 1969 ግሬት ስሞኪ ተራሮች ላይ አንድ የ6 ዓመት ልጅ ከሌሎች ልጆች ጋር ሆኖ ትልልቆቹን ሊያስደነግጥ ቁጥቋጦ ውስጥ ገባ። ሌሎቹ ወጡ፣ እሱ አልወጣም። ቀይ ቲሸርት ለብሶ ነበር። ያን ሌሊት ኃይለኛ ዝናብ ጣለ። ፍለጋው ሲጦፍ በአንድ ቀን 1,400 ሰው ገደማ ተሰማርቷል። ዝናቡ ያላጠበውን ዱካ ሰው ረገጠው። ልጁ እስከ ዛሬ አልተገኘም። ልዩ ኃይል ወታደሮች ስለተሳተፉ ብዙ ሐሜት ተወራ፤ ሰዎቹ ግን በቅርብ ልምምድ ላይ የነበሩ ናቸው።

መጀመሪያ ለ911 ደውሉ። ሰውየው መጨረሻ የታየበትን ቦታ ምልክት አድርጉና ሰው አይርገጠው። ያልታጠበ ልብሱን በንጹሕ ፕላስቲክ ለውሾቹ አስቀምጡ። ከዚያ የጫማውን ሶል ይጠይቋችኋል። ለልጆች ቀላል ዘዴ አለ፦ ቤት ውስጥ ፎጣ ዘርግታችሁ በላዩ ላይ የወጥ ቤት ፎይል ታነጥፉና በጫማቸው ታስረግጧቸዋላችሁ። እኔ ለትልልቆቹም መኪናው ሳይነሳ ሶላቸውን ፎቶ አነሳለሁ። ጓደኞቼ «ደግሞ ጀመረው» እያሉ ይስቃሉ። ግን እግራቸውን ያነሳሉ።