ለቪትዝ ጎማ ስትገዙ

«ትንሽ ወፈር ያለ ይሻልሃል» የሚል ሻጭ ካጋጠማችሁ አትስሙት። እኔ ሰምቼ በ165/70 አር 14 (ወርዱ 165 ሚሊሜትር፣ የጎኑ ከፍታ የወርዱ 70 በመቶ፣ ቸርኬው 14 ኢንች) ፋንታ 185/70 አር 14 አስገጠምኩ። ከድሬዳዋ ወደ ሐረር ስወጣ፣ ደንገጎ ላይ መሪ በጠመዘዝኩ ቁጥር ጎማው ፓራፋንጎውን ይፍቃል፤ ክርርር! ለካ ቁመቱ በ28 ሚሊሜትር ጨምሯል። ፍጥነት መቁጠሪያውም አሳንሶ ነው የሚያሳየው።

165ቱ ከጠፋ 175/65 አር 14 ይሻላል። የቁመት ልዩነቱ 4 ሚሊሜትር አይሞላም። የመኪናችሁ የጎማ ልክ በሾፌሩ በር ምሰሶ ላይ ተለጥፏል። የተገጠመውን ጎማ አይታችሁ አትግዙ፤ የቀድሞው ባለቤት ቀይሮት ይሆናል (እንደኔ ተሸውዶ)።

ጎማው ጎን ላይ ያሉትን አራት አሃዞችም እዩ። 2319 ካለ፣ በፈረንጆቹ 2019 በ23ኛው ሳምንት የተሠራ ነው። በድሬ ፀሐይ ሱቅ ደጃፍ ተሰጥቶ የከረመ ጎማ በርካሽም ቢሆን ይቅርባችሁ።