ግሊዝ 710 ወደ ፀሐያችን ምን ያህል ይጠጋል? በካልኩሌተር የሚሠራ ስሌት

አላፊ ኮከብ የፕላኔቶችን ምሕዋር ይነካ እንደሆነ ለማወቅ መጀመሪያ የሚጠጋበትን ርቀት ማግኘት ያስፈልጋል። ለልምምድ ግሊዝ 710 ይመረጣል፤ ቀጥ ብሎ ወደ እኛ እየመጣ ነውና።

ከጋይያ ቴሌስኮፕ ሦስተኛ መረጃ ሦስት ቁጥሮች ውሰዱ፦ ፓራላክስ (ምድር ፀሐይን ስትዞር ኮከቡ ቦታ የቀየረ የሚመስልበት ማዕዘን) 52.4 ሚሊ አርክሰከንድ (አርክሰከንድ የዲግሪ 3,600ኛ ክፍል ነው፤ ሚሊ ደግሞ የእሱ ሺህኛ)፣ ሰማይ ላይ በዓመት የሚንሸራተተው 0.43 ሚሊ አርክሰከንድ፣ ወደ እኛ የሚመጣበት ፍጥነት በሰከንድ 14.4 ኪሎ ሜትር። መንሸራተቱ በምሥራቅና በሰሜን ተከፍሎ ስለሚሰጥ ሁለቱን በፓይታጎረስ አዋህዱ። የፍጥነቱን ምልክትም እዩ፤ ኔጌቲቭ ካልሆነ ኮከቡ እየራቀ ነው።

1000ን ለ52.4 ስታካፍሉ ርቀቱ 19.1 ፓርሰክ ይሆናል፣ 62 የብርሃን ዓመት ማለት ነው። የጎን ፍጥነቱ 4.74 × 0.00043 × 19.1 = 0.039 ኪሎ ሜትር በሰከንድ፤ 4.74 ውጤቱን ወደ ኪሎ ሜትር በሰከንድ የሚቀይር ቁጥር ነው። በሰዓት 140 ኪሎ ሜትር፣ የመኪና ፍጥነት! ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው፤ 0.43ን ወደ አርክሰከንድ ሳይቀይር ያስገባና መልሱ በሺህ እጥፍ ይስታል።

አሁን 19.1ን በ0.978 (ውጤቱን ወደ ሚሊዮን ዓመት በሚቀይረው ቁጥር) አባዝታችሁ ለ14.4 አካፍሉ፤ የሚደርሰው ከ1.3 ሚሊዮን ዓመት በኋላ ነው። 19.1 × 0.039 ÷ 14.4 ደግሞ የሚጠጋበትን ርቀት፣ 0.052 ፓርሰክ፣ ይሰጣል፤ ይህ ከፀሐይ እስከ ምድር ያለው ርቀት 10,700 ጊዜ ያህል ነው። መንሸራተቱ እጅግ ትንሽ ስለሆነ ጥቂት ስሕተት ውጤቱን ያናጋዋል፤ በመጀመሪያው የጋይያ መረጃ ይኸው ርቀት 13,000 ገደማ ነበር።

ኮከቡ በስበቱ ወደሚሰጠው ግፊት እንሂድ። የኮከቡ ክብደት የፀሐይ 0.6 ነው፤ 2 × 0.0043 (የስበት ቋሚ ቁጥር በእነዚህ መለኪያዎች) × 0.6 ÷ (0.052 × 14.4) = 0.007 ኪሎ ሜትር፣ ማለትም በሰከንድ 7 ሜትር። ይህን ቁጥር ፕላኔቶች ላይ እንዳለ አትጫኑት። ፀሐይም ፕላኔቶቿም አብረው ስለሚገፉ ምሕዋር የሚለውጠው በመካከላቸው ያለው ልዩነት ብቻ ነው። ከፀሐይ በ30 እጥፍ የምድር ርቀት ላይ ላለው ኔፕቲዩን 7 × 30 ÷ 10,700፣ በሰከንድ 2 ሴንቲ ሜትር ይሆናል፤ የራሱ ፍጥነት 5.4 ኪሎ ሜትር ነው። በዚያ ላይ ማለፉ 3,500 ዓመት ያህል ይፈጃል፤ ኔፕቲዩን ሃያ ጊዜ ስለሚዞር ግፊቱ እርስ በርሱ ይጠፋፋል።

ከፕላኔቶች እጅግ ርቆ ፀሐይን የከበበው የበረዶ አካላት ስብስብ፣ የኦርት ደመና፣ ነገር ግን ሌላ ነው። ከፀሐይ እስከ ምድር ባለው ርቀት 10,000 እጥፍ ላይ ያለ የበረዶ አካል አንድ ዙር የሚጨርሰው በሚሊዮን ዓመት፣ ፍጥነቱም በሰከንድ 300 ሜትር ነው። ኮከቡ ሲያልፍ እሱ ከቦታው እምብዛም አይነቃነቅም፤ ግፊቱን አንድ ጊዜ ጠቅልሎ ይቀበላል። ከእነዚህ አንዳንዶቹ ጅራታም ኮከብ ሆነው ወደ ፀሐይ ይወርዳሉ።

የግፊቱ ቀመር የሚሠራው ለፈጣን አላፊ ነው። ከዋክብት በሚወለዱበት ጥቅጥቅ ያለ መንጋ ውስጥ ኮከብ በሰከንድ 1 ኪሎ ሜትር እየሄደ በ1,000 እጥፍ የምድር ርቀት ቢያልፍ መንገዱ ራሱ ስለሚታጠፍ፣ እንደ ሪባውንድ ባለ የስበት እንቅስቃሴን በሚያሰላ የኮምፒውተር ፕሮግራም ደረጃ በደረጃ ማስላት ግድ ነው።