የአንድን የገጠር ቀበሌ መልክዐ ምድርና ማኅበረሰብ ለመመዝገብ

በደሴና በኮምቦልቻ ዙሪያ ስላለ አንድ ትንሽ የገጠር ቀበሌ ለመጻፍ የሚነሣ ሰው አስቀድሞ ከፍታውን ማወቅ ይኖርበታል፤ ምክንያቱም 2,500 ሜትር ገደማ ላይ ካለችው ደሴ ተነሥቶ 1,850 ሜትር አካባቢ ወዳለችው ኮምቦልቻ የሚወርድ መንገደኛ በ25 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀት ውስጥ ከደጋ ወደ ወይና ደጋ ይሻገራል፤ ገብሱና ባቄላውም ለጤፍና ለማሽላ ቦታውን ይለቅቃል። ከዚያም ወራጁን ውኃ ይከተሉ፤ ወደ ቦርከና ወንዝ የሚገባ ከሆነ ቀበሌው የአዋሽ ተፋሰስ አካል ነው።

ስለ አዝመራ ሲጠይቁ በልግንና መኸርን ለይተው ይጻፉ፤ በበልግ የሚያመርት የደጋ መንደር ከየካቲት ጀምሮ የሚጠብቀው ዝናብ ከቀረበት ኑሮው ይናጋልና።

ማኅበረሰቡን በተመለከተ የቀበሌው መዝገብ የሚናቅ ባይሆንም፣ በእኔ አስተያየት ይበልጥ የሚያስረዱት የቅሬው (የመንደሩ ዕድር) ሽማግሌዎች ናቸው፤ ለቀብር ማን እንደሚጠራ፣ ለሐዘንተኛው ቤት ማን ምን እንደሚያዋጣ፣ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ በደስታና በሐዘን እንዴት እንደሚረዳዱ ያውቃሉ። ጠብ ሲነሣ የሚያስታርቁትን አባጋሮችም ያነጋግሩ። ሴቶችን ለብቻቸው መጠየቅ አይዘንጋ፤ የምንጩን ርቀትና የሚደርቅበትን ወር በትክክል የሚነግሩዎት እነርሱ ናቸው።