«ዲኤልኤል አልተገኘም» ሲላችሁ ለማውረድ አትቸኩሉ

ፕሮግራም ስትከፍቱ «ይህ ዲኤልኤል አልተገኘም» ብሎ እምቢ ካላችሁ፣ የፋይሉን ስም ጎግል ላይ ፈልጋችሁ ካገኛችሁት ሳይት አታውርዱ። ቫይረስ ይዞ ሊመጣ ይችላል። መጀመሪያ የማን እንደሆነ እዩ። ዲኤልኤል ማለት ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ ሊጠቀሙበት የሚችሉት የኮድ ስብስብ ነው፤ ሊኑክስ ላይ ኤስኦ፣ ማክ ላይ ዲላይብ ይሉታል እንጂ ሐሳቡ ያው ነው።

እኔ በባለቤታቸው ነው የምለያቸው። የዊንዶውስ የራሱ የሆኑት በብዛት ሲስተም32 ፎልደር ውስጥ ናቸው፤ እነሱን አትነካኩ። ስማቸው በኤምኤስቪሲፒ ወይም በቪሲራንታይም የሚጀምሩት ደግሞ የቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ (የማይክሮሶፍት የፕሮግራም መሥሪያ) ናቸው፣ ስለዚህ ሪዲስትሪቢዩተብል የሚባለውን ጥቅል ከራሱ ከማይክሮሶፍት ድረ ገጽ አውርዳችሁ ጫኑ፣ ብዙ ጊዜ ችግሩ እዚያው ያልቃል። ሌሎቹ ፕሮግራሙ ራሱ ይዟቸው የሚመጣቸው ናቸው፤ ፕሮግራሙን ከኮምፒውተሩ አጥፍቶ እንደገና መጫን ነው።

ፋይሉ ኖሮ የማን እንደሆነ ካልገባችሁ፣ ራይት ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ ከዚያ ዲቴይልስ ውስጥ እዩ።

አንድ የሚያምታታ ነገር አለ። ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሲስተም32 የሚይዘው የ64 ቢቶቹን ዲኤልኤሎች ነው፣ የ32 ቢቶቹ ያሉት ሲስዋው64 (SysWOW64) የሚባለው ፎልደር ውስጥ ነው። አዎ፣ ተገላቢጦሽ ነው፤ እኔንም ስንቴ ሸውዶኛል።