የእትዬን እጅ በ10 ቀረጻ፦ ስለ ስፌት ሠሪ እናት አጭር ፊልም እንዴት እንደሚሠራ

ባሕር ዳር ቅዳሜ ገበያ ብትወጡ ሞሰቡና ሰፌዱ ተደርድሮ ታገኛላችሁ። የሰፉትን እናቶች ግን ስማቸውን እንኳ የሚጠይቅ የለም። እኔ አርቲስት የምላቸው እነሱን ነው። ስልክ ካላችሁ ስለ አንዷ ፊልም መሥራት ትችላላችሁ።

መንገዱን ያሳየችኝ አሜሪካዊቷ የሙከራ ፊልም ሠሪ ሊን ሳክስ ናት። እ.ኤ.አ. በ2018 ባወጣችው አጭር ፊልም ሦስት ሴት አርቲስቶችን፣ ካሮሊ ሽኒማንን፣ ባርባራ ሃመርንና ጉንቮር ኔልሰንን፣ ያሉበት ድረስ ሄዳ ቀርጻለች። ጉንቮርን ያገኘቻት ስዊድን ውስጥ ባደገችበት መንደር ነው። የተጠቀመችው ዲጂታል ሳይሆን በጥቅል የሚመጣ ፊልም፣ ሱፐር 8 እና 16 ሚሊ ሜትር ነው። አንድ የሱፐር 8 ጥቅል በሰከንድ 18 ምስል ሲቀረጽበት 3 ደቂቃ ከ20 ሰከንድ ብቻ ይይዛል። ስለዚህ ቀራጩ ካሜራውን ከማስነሳቱ በፊት አጥብቆ ያያል። እኔ መጀመሪያ ሰሞን በስልክ ሁለት ሰዓት ሙሉ ቀረጽኩ። ቁጭ ብዬ ሳየው አንድም ነገር በወጉ አልያዝኩም። አሁን ደንቤ ይህ ነው፦ 10 ቀረጻ፣ እያንዳንዱ 20 ሰከንድ። ልክ አንድ ጥቅል።

መጀመሪያ ያለ ካሜራ ሂዱ። ቡና ጠጡ። «እትዬ፣ ሲሰፉ ብቀርጽዎት ይፈቅዱልኛል?» በሉ። የት እንደምትለጥፉት ንገሯቸው። ቅር ካላቸው ተዉት።

ጣና ዳር ፀሐይዋ ቶሎ ትበረታለች። ከጠዋቱ 3 ሰዓት በፊት ወይም ከቀኑ 10 ሰዓት በኋላ ቅረጹ። እትዬ በር አጠገብ ይቀመጡ፣ ብርሃኑ በጎን ይምጣ። ስልኩን በርጩማ ላይ አስደግፉት፤ ዙም አታድርጉ።

ከዚያ እጃቸው ላይ ቆዩ። ወስፌው ይወጋል፣ ቀዳዳው ሳይዘጋ ሰበዟ ትገባለች፣ ጠበቅ ተደርጋ ትሳባለች። እኔ የቀረጽኳቸው እናት ሰበዟን ከማስገባታቸው በፊት በከንፈራቸው ያርሷት ነበር። ይቺን ለማየት ብዬ ነው የሄድኩት ለማለት ይቃጣኛል። ከ10ሩ ቢያንስ 5ቱ ለእጅ ይሁን። ፊታቸውን መጨረሻ ላይ ቅረጹ፤ ያኔ ካሜራውን ረስተውታል።

ድምፁን ለብቻ፣ ስልኩን በጣም አቅርባችሁ ቅዱ። ባጃጅ ካለፈ ይለፍ፤ ባሕር ዳር ነው። የሕይወት ታሪክ አትጠይቁ፣ ስለያዙት ነገር ጠይቁ፦ «ይህን ጥለት ማን አስተማረዎት?» ታሪኩ ራሱ ይመጣል። ኤዲት ስታደርጉ የመልሱን ድምፅ በእጃቸው ምስል ላይ አስገቡት። ሙዚቃ አያስፈልገውም። ስማቸውን ራሳቸው እንዳሉት ጻፉ።

ለማንም ሳታሳዩ ፊልሙን ይዛችሁላቸው ሂዱ። እኔ ሳሳያቸው እትዬ ስልኩን ወደ ዓይናቸው አስጠጉና «ይቺ ዙር ላልታለች» አሉ። ገና ያላለቀውን ሞሰብ ከጓዳ አምጥተው ያቺን ዙር መፍታት ጀመሩ።