የቤት ብድር እስከ መጨረሻው ስንት ያስከፍላል? ከመፈረም በፊት የሚሠራ ሒሳብ

አንድ ሚሊዮን ብር በ16 በመቶ ዓመታዊ ወለድ ተበድሮ በ20 ዓመት የሚከፍል ሰው በየወሩ 13,912 ብር ከ56 ሳንቲም ይከፍላል። ባሕር ዳርም ይሁን ደብረ ማርቆስ፣ ብድር ፈላጊ ባንክ ሲገባ መጀመሪያ የሚጠይቀው ይህንኑ ቁጥር ነው፤ ከደመወዙ ጋር ያስተያየዋል፣ ከቻለው ይፈርማል። ቁጥሩን በ240 ወር ሲያባዙት ግን 3,339,014 ብር ይሆናል። ወለዱ ብቻ 2,339,014 ብር ነው ማለት ነው፤ ከተበደሩት ገንዘብ እጥፍ በላይ።

እዚህ የምንጠቀምበት 16 በመቶ ለስሌት የተያዘ ነው። ባንኩ የነገረዎትን መጠን ተክተው ሒሳቡን እንደገና ይሥሩት።

የወሩን ወለድ በእጅ ማውጣት

ካልኩሌተር ያለው ስልክ ይበቃል። ቀሪውን ዕዳ በዓመታዊው ወለድ ያባዙ፣ ለ1,200 ያካፍሉ። የሚወጣው የዚያ ወር ወለድ ነው። ወለዱን ከወርሃዊ ክፍያዎ ላይ ሲቀንሱ የሚተርፈው ደግሞ ከዋናው ብድር ላይ የሚነሣው ነው።

በምሳሌያችን የመጀመሪያው ወር ወለድ 1,000,000 × 16 ÷ 1,200 = 13,333 ብር ከ33 ሳንቲም ነው። ከከፈሉት 13,912 ብር ውስጥ ዕዳዎን የቀነሰው 579 ብር ከ23 ሳንቲም ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ወለዱ በ999,420 ብር ከ77 ሳንቲም ላይ ይሰላል፤ 13,325 ብር ከ61 ሳንቲም ይመጣል፣ ለዋናው 586 ብር ከ95 ሳንቲም ይተርፋል። እንዲህ እያለ በየወሩ ጥቂት ጥቂት ይሻሻላል።

ጥቂቱ ምን ያህል ጥቂት እንደሆነ የሚታየው አምስት ዓመት ሲሞላ ነው። በ60 ወር ውስጥ 834,754 ብር ከፍለዋል። ቀሪ ዕዳዎ 947,270 ብር ነው። ዕዳው የቀነሰው በ52,730 ብር ብቻ ነው። ቤቱን በአምስተኛው ዓመት ሸጦ ወደ ሌላ ከተማ ለመሄድ የሚያስብ ሰው፣ በተለይ ዝውውር የሚጠብቅ መምህር ወይም የጤና ባለሙያ፣ ለባንኩ መልሶ የሚያስረክበው ይህን 947,270 ብር መሆኑን ዛሬ ይወቀው።

ስለዚህ ባንኩን መጀመሪያ መጠየቅ ያለብዎት የወር ክፍያውን ሳይሆን ሙሉውን የአከፋፈል ሰንጠረዥ ነው። የየወሩን ወለድ፣ የዋናውን ቅናሽና ቀሪውን ዕዳ የሚያሳይ መሆን አለበት። የብድር ክፍሉ ከኮምፒዩተሩ አትሞ ለመስጠት ደቂቃ አይፈጅበትም። «ከፈረሙ በኋላ እንሰጥዎታለን» ከተባሉ ሳይቀበሉት አይፈርሙ።

ዕድሜውን ማሳጠር

ያው አንድ ሚሊዮን በ15 ዓመት ቢከፈል ወርሃዊው 14,687 ብር ይሆናል። ልዩነቱ በወር 775 ብር ገደማ ነው። ጠቅላላው ግን ወደ 2,643,662 ብር ይወርዳል፤ 695,000 ብር ይተርፋል። በ10 ዓመት ከሆነ ወርሃዊው 16,751 ብር፣ ጠቅላላው 2,010,157 ብር ነው። ከ20 ወደ 15 ዓመት መውረድ ለብዙ ደመወዝተኛ የሚቻል ነው፤ ከ15 ወደ 10 መውረድ ግን በወር ከ2,000 ብር በላይ ስለሚጨምር እንደ ቤቱ ነው። የመጀመሪያው ቅናሽ ከሁሉ የረከሰ ነው፣ እሱን ሳይሞክሩ አይለፉት።

የ20 ዓመቱን ውል ፈርመው በየወሩ 1,000 ብር ብቻ ቢጨምሩስ? ብድሩ በ170ኛው ወር፣ ማለትም ከ14 ዓመት ከሁለት ወር በኋላ ያልቃል። ወደ 811,000 ብር ይቆጥባሉ። ይህ መንገድ የሚመረጠው ችግር በመጣ ወር ጭማሪውን ትቶ መደበኛውን መክፈል ስለሚቻል ነው። ነገር ግን ሁለት ነገር በጽሑፍ ያረጋግጡ። አንደኛ፣ ቀድሞ መክፈል ቅጣት ወይም ክፍያ አለው ወይ? ሁለተኛ፣ የሚጨምሩት ገንዘብ ወዲያው ከዋናው ብድር ላይ ይቀነሳል ወይስ ለሚቀጥለው ወር ክፍያ ተይዞ ይቀመጣል? እንዲሁ ተይዞ ከተቀመጠ ወለዱን አይነካውም፤ 1,000 ብርዎ ምንም አልሠራም ማለት ነው። ጭማሪውን ሲያስገቡ «ለዋና ብድር መቀነሻ» ብለው ያስጽፉ፣ በሚቀጥለው ወርም ቀሪ ዕዳውን ያስፈትሹ።

ወለዱ ሲነሣ

አብዛኛው የብድር ውል ባንኩ የወለድ መጠኑን እንዲለውጥ የሚፈቅድ አንቀጽ አለው። አንቀጹን ፈልገው ያንብቡት። በአምስተኛው ዓመት መጨረሻ ወለዱ ከ16 ወደ 18 በመቶ ቢወጣ፣ በቀሪው 947,270 ብር ላይ የአንድ ወር ወለድ 14,209 ብር ይሆናል። እርስዎ የሚከፍሉት 13,912 ብር ነው። ክፍያው ወለዱን እንኳ አይሸፍንም፤ በየወሩ እየከፈሉ ዕዳዎ ያድጋል። ብድሩ በተባለው ጊዜ እንዲያልቅ ክፍያው ወደ 15,255 ብር መውጣት አለበት።

ብዙ ሰው የሚጎዳው እዚህ ላይ ነው። ደብዳቤው ይመጣል፣ ወይም አይመጣም፤ ከደመወዝ የሚቆረጠው እንደ ድሮው ይቀጥላል፤ ተበዳሪው ከዓመታት በኋላ ቀሪ ዕዳውን ሲጠይቅ ይደነግጣል። በዓመት ሁለት ጊዜ፣ ለምሳሌ መስከረምና መጋቢት ላይ፣ የሒሳብ መግለጫ እያወጡ ከመጀመሪያው ሰንጠረዥ ጋር ያመሳክሩ። አቅምዎንም ሲለኩ በዛሬው ወለድ ላይ ሁለት የመቶኛ ነጥብ ጨምረው (16 ከሆነ በ18) ይለኩ።

«አሥር በመቶ ብቻ» የሚል ብድር

አንዳንድ አበዳሪ ወለዱን የሚያሰላው በቀሪው ዕዳ ላይ ሳይሆን መጀመሪያ በተሰጠው ገንዘብ ላይ ነው፤ ፍላት የሚሉት ይህንን ነው። አንድ ሚሊዮን በ10 በመቶ ፍላት ለ10 ዓመት ሲሆን ወለዱ 1,000,000 ብር፣ ወርሃዊው 16,667 ብር ነው። ከላይ በ16 በመቶ የ10 ዓመቱ ወርሃዊ ክፍያ 16,751 ብር ነበር። ሁለቱ ብድሮች አንድ ናቸው ማለት ይቻላል፣ ስማቸው ግን 10 እና 16 ነው። መቶኛ ለመቶኛ አያወዳድሩ፤ ለተመሳሳይ ገንዘብና ለተመሳሳይ ጊዜ ጠቅላላ የሚከፈለውን ያወዳድሩ።

ለግንባታ ሲሆን፦ የእፎይታ ጊዜና የጎጃም ክረምት

በማኅበር ወይም በሊዝ ቦታ አግኝቶ የሚሠራ ሰው ብድሩን ብዙውን ጊዜ በዙር ነው የሚቀበለው፤ መሠረቱ ሲያልቅ፣ ግድግዳው ቆሞ ጣሪያ ሲመታ፣ ማጠናቀቂያው ሲጀመር። በየዙሩ የባንኩ መሐንዲስ አይቶ ካላጸደቀ ቀጣዩ አይለቀቅም። በዚህ መሐል የእፎይታ ጊዜ ይሰጣል፤ ክፍያ የለም፣ ወለድ ግን አለ። በተለቀቀው ገንዘብ ላይ ከተለቀቀበት ቀን ጀምሮ ይቆጥራል።

አንድ ሚሊዮኑ በሙሉ ተለቆ አንድ ዓመት ሳይከፈልበት ቢቆይና ወለዱ በየወሩ ወደ ዋናው ቢደመር፣ ዕዳው 1,172,271 ብር ይሆናል። በቀሩት 19 ዓመታት ወርሃዊው ወደ 16,432 ብር ይወጣል፣ ጠቅላላው 3,746,556 ብር ይደርሳል። የአንድ ዓመት እፎይታ ዋጋው 407,000 ብር ገደማ ሆነ። በእፎይታው ጊዜ ወለዱን ብቻ እየከፈሉ መቆየት ከተቻለ ይህ አይመጣም።

እንግዲህ የጊዜው ነገር አለ። የመጀመሪያውን ዙር ግንቦት መጨረሻ ላይ መቀበል ከስሕተቶች ሁሉ የከፋ ነው። ከሰኔ እስከ መስከረም ዝናቡ መሠረት አያስቆፍርም፣ አሸዋና ድንጋይ የሚያመጣ መኪና በጭቃው አይገባም፣ ወለዱ ግን ክረምት አያውቅም። ማመልከቻውን በክረምት ጨርሰው ገንዘቡ ጥቅምት ላይ እንዲለቀቅ ቢያደርጉ፣ ሰባት ወር ያህል ደረቅ ጊዜ ያገኛሉ። ሲሚንቶና ብረትን በተመለከተ ደግሞ ግምቱ በተሠራበት ቀንና ዙሩ በሚለቀቅበት ቀን መካከል ዋጋው ይነሣል። ከሥራ ዝርዝሩ በላይ ቢያንስ ከአምስት አንድ መጠባበቂያ የሌለው ሰው ጣሪያ ሳይመታ ይቆማል፤ ያልተጠናቀቀ ቤት ደግሞ አይኖሩበትም፣ አያከራዩትም፣ የቤት ኪራይም ከወለዱ ጋር ይቀጥላል።

ከወለዱ ውጭ የሚወጣው

የንብረት ግመታ፣ የባንኩ የአገልግሎት ክፍያ፣ የመያዣ ውል ማስመዝገቢያ፣ ቴምብር ቀረጥ፣ የቤቱ የእሳት መድን፣ አንዳንዴም የተበዳሪው የሕይወት መድን አለ። አገልግሎቱና ሌላው ተደምሮ 20,000 ብር ቢሆንና ከብድሩ ላይ ተቆርጦ 980,000 ብር ቢሰጥዎት፣ ወለድ የሚከፍሉት በአንድ ሚሊዮኑ ነው፤ እውነተኛው ወለድ 16.4 በመቶ ገደማ ይሆናል። መድኑ በየዓመቱ የሚታደስ ነው። በዓመት 3,000 ብር ቢሆን እንኳ በ20 ዓመት 60,000 ብር ነው፣ ባንኩም ሳይታደስ ሲቀር ራሱ አድሶ ከሒሳብዎ ላይ ይቆርጣል።

የተሠራ ቤት የሚገዛ ሰው ለስም ማዛወሪያ የሚከፈለውን 2 በመቶ የቴምብር ቀረጥ ይጨምር፤ ግምቱን የሚያወጣው ማዘጋጃ ቤቱ እንጂ ሻጭና ገዢ አይደሉም። የሊዝ ቦታ ከሆነ ያልተከፈለ የሊዝ ዕዳ አለ ወይ ብለው ከውሉ ላይ ይዩ፤ ቀሪው ከነወለዱ ወደ ገዢው ይሻገራል። ካርታ የሌለውን፣ በመንደር ውል ብቻ የተገዛውን ቦታ ባንክ በመያዣነት አይወስደውም፤ የከተማ ዳር ቦታ የሚገዛ ሰው በዚህ ብዙ ጊዜ ይወድቃል።

ደመወዝ ለሌለው

በቡሬና በፍኖተ ሰላም በበቆሎና በበርበሬ የሚነግድ ሰው ገቢው ከታኅሣሥ እስከ የካቲት ይመጣና ክረምት ላይ ይነጥፋል። የወር ክፍያው ግን አሥራ ሁለቱንም ወር ይጠራል። ባንኩ በየሩብ ዓመቱ መክፈልን ከፈቀደ ይጠይቁ፤ ካልፈቀደ በየካቲት የስድስት ወር ክፍያ ለብቻው በሆነ የቁጠባ ሒሳብ አስቀምጠው ከዚያ በየወሩ እንዲቆረጥ ያድርጉ።

ሁለት ወር ቢያልፍ ቅጣቱ ራሱ ብዙ አይደለም። ሦስት በመቶ ቅጣት ከመደበኛው ወለድ ጋር ተደምሮ፣ አንዱ ክፍያ 60 ቀን፣ ሌላው 30 ቀን ቢዘገይ 650 ብር ገደማ ነው። ችግሩ 90 ቀን ሲሞላ ነው፤ ብድሩ ከጤናማ ብድርነት ይወጣል፣ ስምዎም በዚያው ይመዘገባል፣ ሌላ ባንክም ያየዋል። ከዚያ በኋላ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንኩ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ መያዣውን ፍርድ ቤት ሳይሄድ በሐራጅ መሸጥ ይችላል። የተሸጠበት ዋጋ ዕዳውን ካልሸፈነ ቀሪው በተበዳሪው ላይ ይቆያል። የአባትን ወይም የእኅትን ቤት አስይዞ የሚበደር ሰው ይህን ለባለቤቶቹ ሳይነግር ባያስፈርማቸው ይሻላል። ቢቸገሩ ግን በ30ኛው ቀን እንጂ በ89ኛው ቀን አይሂዱ፤ ጊዜ የማራዘም ጥያቄ ቀድሞ የመጣ ሰው ላይ ይቀላል።

የብር ዋጋስ?

3.3 ሚሊዮኑን ሰምቶ ብድርን ጨርሶ የሚሸሽ አለ፤ ይህም ሒሳብ አይደለም። የዛሬ 15 ዓመት የሚከፈለው 13,912 ብር የዛሬውን ያህል አይገዛም። ደመወዝዎ በዓመት 10 በመቶ ቢያድግ ከሰባት ዓመት በጥቂቱ በሚበልጥ ጊዜ እጥፍ ይሆናል፣ የወር ክፍያው ሸክምም በግማሽ ይቀላል። ይህ የሚሠራው ግን ወለዱ ካልተነሣና ገቢዎ በእርግጥ ካደገ ነው። ደመወዙ ለዓመታት ሳይንቀሳቀስ የቆየ ሰው በዋጋ ንረት አይጠቀምም፤ ጤፉም ብድሩም አብረው ይጫኑታል።

ማወዳደሪያው ኪራይ ነው። አሁን የሚከፍሉት ኪራይ 8,000 ብር ከሆነ፣ ብድሩ በወር 5,912 ብር ይበልጣል። ይህን ልዩነት አጠራቅሞ ወይም ዕቁብ ገብቶ በሦስት ዓመት ከ212,000 ብር በላይ ማግኘት ይቻላል። ያንን በቅድሚያ ከፍለው 800,000 ብር ብቻ ቢበደሩ ወርሃዊው 11,130 ብር፣ ጠቅላላው 2,671,211 ብር ይሆናል። በሦስቱ ዓመት የሚከፍሉት ኪራይ 288,000 ብርና ቅድሚያው 200,000 ብር ሲደመርበት ግን ከ3,339,014 ብሩ የሚተርፈው 180,000 ብር ገደማ ነው። የግንባታ ዋጋ በነዚያ ሦስት ዓመታት ከዚህ በታች ከጨመረ መጠበቁ ያዋጣል፤ ከበለጠ አያዋጣም። በከተማዎ የአንድ ካሬ ሜትር ግንባታ ዋጋ ባለፉት ሦስት ዓመታት እንዴት እንደሄደ ሦስት ተቋራጮችን ቢጠይቁ ግምቱ ከሜዳ አይነሣም።

ብድሩ ያለቀ ዕለት ሥራው አያልቅም። ከባንኩ የዕዳ ማጠናቀቂያ ደብዳቤና የመያዣ መልቀቂያ ይውሰዱ፣ ካርታዎን በእጅዎ ተረክበው ይፈርሙ፣ ደብዳቤውን ለከተማው የመሬት ይዞታ ምዝገባ ጽሕፈት ቤት አስገብተው እገዳው መነሣቱን በማኅደሩ ላይ ያረጋግጡ። ይህ ሳይሆን የቀረ ካርታ ከዓመታት በኋላ ለሽያጭ ወይም ለውርስ ሲቀርብ አሁንም በመያዣነት የተያዘ ሆኖ ይገኛል።